ለልጆች የመጫወቻ ኦቨን የሚሆን የኩኪስ ዱቄት ቤት ውስጥ እንዴት ይዘጋጃል? (ድሬዳዋ)

እናት ከሳቢያን

ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች። ጥያቄዬ ወጥ ቤትንም ኤሌክትሪክንም ስለሚነካ የሚያውቅ ሁሉ ይመልስልኝ።

ነገሩ ከአሜሪካ የተላከ የልጆች መጫወቻ ኦቨን ነው፤ መብራትና ድምፅ ብቻ ያለው ሳይሆን የምር የሚጋግረው። ዕድሜዋ 8 ለሞላ ልጅ ነው። መጋገሪያ ሳህኑ ክብ ነው፤ ስፋቱ 10 ሴንቲ ሜትር ገደማ፣ ጥልቀቱ 2 ሴንቲ ሜትር አይሞላም። በአንድ ጎን ይገባና በመግፊያው እየተገፋ በሌላው ጎን ይወጣል። ጀርባው ላይ 120 ቮልት፣ 60 ኸርዝ፣ 100 ዋት ተጽፏል። አብረውት የመጡት የኩኪስ ዱቄት ከረጢቶች አልቀዋል፤ እዚህ አይገኙም፣ ማስላኩም አያዋጣም።

የተለመደውን የቤት ኩኪስ (እንቁላል፣ ቅቤ፣ ስኳር፣ ዱቄት) በመጠን አሳንሶ ማቡካት አልሆነም። ዳሩ ይደርቃል፣ መሃሉ ሊጥ ሆኖ ይቀራል፣ ስኳሩ ጥርስ ላይ ይንኮሻኮሻል። የምፈልገው አንዴ በብዛት ተዘጋጅቶ በትንንሽ ከረጢት የሚቀመጥ፣ ልጅቷ ውሃ ብቻ ጨምራ የምትሠራው ድብልቅ ነው። ልኩን በግራም ንገሩኝ። ቅቤ ይሻላል ወይስ የሚረጋ ዘይት? በዚህ በድሬ ሙቀት ስንት ጊዜ ይቆያል? ኮንቨርተሩስ ምን ዓይነት መሆን አለበት?

ጋጋሪ ከከዚራ

እህቴ፣ የተለመደውን አሠራር አሳንሶ መሥራት እንቁላሉ ላይ ይበላሻል። አንድ እንቁላል ለ240 ግራም ዱቄት ነው የሚበቃው። የልጅቷ ድርሻ 20 ግራም ዱቄት ነው፤ የአንድ እንቁላል አንድ አሥራ ሁለተኛ ማለት ነው፣ ይህን ለክቶ የሚያወጣ የለም። ትንሽ ሲበዛ ሊጡ ይረጥባል፣ መሃሉም አይበስልም። ስለዚህ የመጫወቻ ኦቨን ድብልቅ እንቁላል አይገባበትም፤ ቅባቱ አስቀድሞ ከዱቄቱ ጋር ታሽቶ ይቀመጣል።

ሁለተኛው የኦቨኑ አቅም ነው። የቤት ኦቨን 2,000 ዋት አካባቢ ይስባል፣ ይሄ 100 ነው። ባዶውን ሲሞቅ ወደ 175 ዲግሪ ቢጠጋም ወፍራም ሊጥ ሲገባበት ሙቀቱ ይወርድና መልሶ እስኪነሳ ጊዜ ይፈጃል። ሊጡ ከ5 ሚሊ ሜትር በላይ ከወፈረ ዳሩ ደርቆ መሃሉ ጥሬ ይቀራል። ያየሽው ይህንኑ ነው።

ስኳሩ የሚንኮሻኮሸው የእኛ አገር ስኳር ፍሬው ትልልቅ ስለሆነ ነው። በአንድ ማንኪያ ውሃና በ10 ደቂቃ ሙቀት አይሟሟም። በቡና መፍጫ ፍጪውና በወንፊት ንፊው። የቡናው ሽታ እንዳይዝ መፍጫው አስቀድሞ አንድ እፍኝ ደረቅ ሩዝ ይፈጭበትና ይጠረግ። ተፈጭቶ የሚሸጠው የኬክ ማስጌጫ ስኳርም ይሆናል፤ ብዙውን ጊዜ ግን የበቆሎ ስታርች ይኖርበታል።

ለ12 ከረጢት የሚሆነው ልክ ይኸው፦

ፉርኖ ዱቄት 240 ግራም
የተፈጨ ስኳር 100 ግራም
የዱቄት ወተት 20 ግራም
ቤኪንግ ፓውደር 1 የሻይ ማንኪያ፣ አናቱ በቢላ የተጠረገ (5 ግራም ገደማ)
ጨው ሩብ የሻይ ማንኪያ
የሚረጋ ዘይት 95 ግራም

ደረቁን ሁሉ አንድ ላይ ሁለት ጊዜ ንፊው። ይህ አይዘለልም፤ ለአንድ ከረጢት የሚደርሰው ቤኪንግ ፓውደር ግማሽ ግራም እንኳ ስለማይሞላ በደንብ ካልተሰራጨ አንዱ ከረጢት ይነፋል፣ ሌላው ጠፍጣፋ ይወጣል። ቤኪንግ ፓውደሩ የቆየ ከሆነ ከሱ ግማሽ ማንኪያ ወስደሽ ሙቅ ውሃ ላይ ጣል አድርጊና እዪ፤ ወዲያው ካልፈላ ሞቷል። ቤኪንግ ሶዳ ደግሞ ምትኩ አይደለም። በዚሁ ልክ ከገባ የሳሙና ጣዕም ያመጣል፣ ኩኪሱንም ያጠቁራል።

ዘይቱ ለ30 ደቂቃ ፍሪጅ ገብቶ ይጠንክር። ከዚያ ዱቄቱ ውስጥ በሹካ ቆራርጠሽ በጣት ጫፍ ማሸት ነው። በመዳፍ እንዳይሆን፣ መዳፍ ያሞቀዋል። በጭብጥ ሲጨበጥ ቅርጽ የሚይዝ፣ በጣት ሲነካ የሚፈረካከስ ሲሆን ደርሷል። በድሬ ከሰዓት በኋላ ዘይቱ እጅ ላይ ይቀልጣል፤ በጠዋት ካልሆነ አይሞከር።

በየከረጢቱ 38 ግራም ይግባ። ሚዛን ከሌለ ድብልቁን ንጹሕ ጠረጴዛ ላይ እኩል ዘርግተሽ በቢላ 3 በ4 አድርገሽ ክፈይው።

ቅቤን በተመለከተ፣ ለጋ ቅቤ ውስጡ ውሃ አለው። ያ ውሃ ከረጢቱ ውስጥ እንዳለ ቤኪንግ ፓውደሩን ይቀሰቅሰዋል፤ ልጅቷ ስትጋግር የሚነፋው ነገር አልቆ ይጠብቃል። ሻጋታም ያመጣል። ማርጋሪንም አምስተኛው እጅ ገደማ ውሃ ነው። ንጥር ቅቤ ውሃው ወጥቶለታል፣ ነገር ግን ኮረሪማውና ኮሰረቱ ኩኪስ ላይ አይሆንም። የሚረጋ ዘይት መቶ በመቶ ቅባት ስለሆነ ለዚህ ሥራ እሱን የሚያህል የለም።

አጋገሩ እንዲህ ነው። ኦቨኑ ከ15 እስከ 20 ደቂቃ ይሙቅ። አንዱ ከረጢት በትንሽ ሳህን ይገልበጥና 1 የሻይ ማንኪያ ውሃ፣ 5 ሚሊ ሊትር፣ ይጨመርበት። በሹካ ሲነካካ መጀመሪያ ውሃው ያነሰ ይመስላል። ልጆች ሁሉ እዚህ ላይ ነው ሁለተኛ ማንኪያ የሚጨምሩት። 2 ደቂቃ ይቆይ፣ ዱቄቱ ይጠጣና ራሱ ይያያዛል። ውሃ የበዛበትና ብዙ የታሸ ሊጥ ሲበርድ እንደ ድንጋይ ይጠነክራል። ከዚያ 6 ቦታ ይድቦልቦል፤ አንዱ 7 ግራም ይሆናል። ሳህኑ በጥቂቱ ዘይት ተቀብቶ ዱቄት ይነስነስበት፤ በአንድ ዙር 3 ብቻ ይደርደር፣ በጣት እስከ 5 ሚሊ ሜትር ይዳመጥ፣ በመካከላቸው ግማሽ ሴንቲ ሜትር ይቅር።

ከ8 እስከ 10 ደቂቃ። መሃሉ ነጭ ሆኖ ዳሩ ቀለም መያዝ ሲጀምር ይወጣል። በዚያን ጊዜ ገና ለስላሳ ነው፤ 5 ደቂቃ ሳህኑ ላይ ሲበርድ ይጠነክራል። ቸኩላ ካነሳችው ይሰበራል፣ እናትም አልበሰለም ብላ ትመልሰዋለች፣ ያኔ ይቃጠላል።

ሶኬት

የኤሌክትሪኩን እኔ ልመልስ፣ ምክንያቱም እዚህ ላይ መሳሳት ቤት ያቃጥላል።

በቅድሚያ አንድ ነገር ይለይ። ታይዋን ገበያም ሆነ ሌላ ቦታ የሚሸጠው፣ የአሜሪካን ጠፍጣፋ ሹካ (የሶኬት መሰኪያ) ወደ እኛ ክብ ሶኬት የሚቀይረው ትንሽ ፕላስቲክ ቮልት አይቀንስም። የሹካውን ቅርጽ ብቻ ነው የሚለውጠው። በሱ የ120 ቮልት ኦቨን 220 ላይ ከተሰካ ኃይሉ በቮልቱ ካሬ ስለሚጨምር 100 ዋቱ ከ330 በላይ ይሆናል። አምፖል ያለው ዓይነት ከሆነ አምፖሉ ወዲያው ይሄዳል። ሬዚስታንስ (የሚግል ሽቦ) ያለው ከሆነ መከላከያ ፊውዙ ካልቀደመ ፕላስቲኩ ይቀልጣል።

ስታቢላይዘርም መልስ አይደለም። እሱ 220ውን 220 አድርጎ ያቆያል እንጂ 110 አያደርገውም፤ የ110 መውጫ በግልጽ የተጻፈበት ካልሆነ በቀር። የሚያስፈልግሽ ከ220 ወደ 110 የሚቀንስ ትራንስፎርመር ነው፤ ገላው ላይ 200 ዋት ወይም ከዚያ በላይ፣ 50 ኸርዝም የተጻፈበት። ለ60 ኸርዝ ብቻ የተሠራ ትራንስፎርመር እኛ መስመር ላይ ይግላል። ለኦቨኑ ራሱ ኸርዙ ለውጥ የለውም፤ የሚያሞቅ ነገር ነው።

አሁን ጋጋሪው የሰጠሽን ደቂቃ ላስተካክል። ትራንስፎርመሩ የሚሰጠው 110 ነው፣ ኦቨኑ የተሠራው ለ120 ነው። ስለዚህ ኃይሉ 84 ዋት ገደማ ነው። ማሞቂያውን 25 ደቂቃ አድርጊው፣ መጋገሪያው ላይም 2 ደቂቃ ጨምሪ። ማታ ሰፈሩ ሁሉ ምጣድ ሲሰካ መስመሩ 190 ከወረደ የሚወጣው 95 ቮልት ነው፤ ኦቨኑ በ63 ዋት ብቻ ነው የሚሠራው ማለት ነው። በዚያ ሰዓት ምንም ዱቄት ቢቀያየር ኩኪስ አይበስልም፤ ይደርቃል እንጂ። በመልቲሜትር ለኪው፤ ከ200 በታች ከሆነ ለሌላ ሰዓት ይተው።

አምፖል ያለው ኦቨን ላላቸው ሰዎችም ልናገር። የዚህ መጫወቻ የመጀመሪያው የሆነው ኢዚ ቤክ በፈረንጆች 1963 ሲወጣ የሚጋግረው በሁለት ባለ 100 ዋት አምፖል ነበር። ክሩ የሚግለው የድሮው አምፖል አብዛኛውን ኃይል ወደ ሙቀት ስለሚለውጥ ነው ያ የሠራው። እዚያ ውስጥ ቆጣቢ ወይም ኤልኢዲ አምፖል ከተገባ ብርሃን አለ፣ ሙቀት የለም። አምፖሉን በ220 ቮልት አምፖል ቀይሮ በቀጥታ መሰካትም ይቅር፤ የውስጥ ሽቦውና መከላከያው ለዚያ ቮልት አልተሠሩም።

ትራንስፎርመሩ ከውሃና ከዱቄት ርቆ ይቀመጥ። የሚሰካውና የሚነቅለው ትልቅ ሰው ይሁን።

ጁገል ማድቤት

ከሐረር ነኝ። ጋጋሪው የሰጠው ልክ ለድሬ ትክክል ነው፤ የሐረር ሰው ካነበበው ግን ትንሽ ማስተካከል አለበት። ድሬ 1,200 ሜትር ገደማ ላይ ናት፣ ሐረር ከ1,800 በላይ። ከፍታ ሲጨምር አየሩ ስለሚሳሳ ሊጡ ውስጥ ያለው ጋዝ የበለጠ ይለጠጣል፣ ውሃውም ቀደም ብሎ ይተናል። ኩኪሱ ፈጥኖ ይነፋና ይተኛል፣ ሳህኑ ላይ ይንጣለልና ሦስቱ አንድ ይሆናሉ። ለሐረር ቤኪንግ ፓውደሩን ሦስት አራተኛ ማንኪያ፣ ስኳሩን 90 ግራም፣ ዱቄቱን 250 አድርጉት። ስትጋግሩ በ1 ማንኪያው ውሃ ላይ ጥቂት ጠብታ ጨምሩ። ዘይቱን ደግሞ እኛ ጋ ፍሪጅ ማስገባት አያስፈልግም። ማታ ማታ ራሱ ይጠጥራል፤ እንዲያውም ለማሸት ትንሽ ቀደም ብሎ ፀሐይ ወደሚያገኘው መስኮት ማስጠጋት ይሻላል።

ስለ ጣዕም ማንም ስላልተናገረ ልጨምር። የዚህ አገር ኩኪስ ሄል (ካርዳሞም) ካልገባበት ምኑን ኩኪስ ሆነ? ተፈጭቶ የሚሸጠው ሽታው ስለሚጠፋ ፍሬውን ከቀፊራ ወይም ከሸዋ በር ገበያ ግዙ፣ ቅርፊቱን አውጡ፣ ጥቁሩን ፍሬ ከአንድ ማንኪያ ስኳር ጋር ውቀጡት። ለ12 ከረጢት ግማሽ የሻይ ማንኪያ ይበቃል። ቀረፋም በዚያው ልክ። ፈሳሽ ቫኒላ ግን ከደረቁ ድብልቅ ጋር አይገባም፣ ያጓጉለዋል፤ ስትጋግሩ ከውሃው ጋር አንድ ሁለት ጠብታ።

የባቢሌ ኦቾሎኒ ለዚህ በጣም ግሩም ነው፤ ሒሳቡን ግን ማወቅ ይጠይቃል። ኦቾሎኒ ግማሹ ዘይት ነው። 40 ግራም ኦቾሎኒ ከገባ 20 ግራም ቅባት ይዞ ይመጣል፤ ስለዚህ የሚረጋውን ዘይት ከ95 ወደ 75፣ ዱቄቱን ከ240 ወደ 220 ማውረድ ነው። ሳይቀነስ ከገባ ኩኪሱ ከሳህኑ ሲነሳ ብትንትን ይላል። ቆልታችሁ፣ ገለባውን አራግፋችሁ፣ በደንብ ካቀዘቀዛችሁ በኋላ ከተመዘነው ስኳር ጋር አብራችሁ ፍጩት። ብቻውን ከተፈጨ ዘይቱ ይወጣና ለውዝ ቅቤ ይሆናል፤ ስኳሩ ግን ዘይቱን ይይዘዋል። ይህን ከ2 ሳምንት በላይ አታስቀምጡ፣ ኦቾሎኒ ቶሎ ይሻግታል። የጎረቤት ልጆች የሚመጡ ከሆነ ደግሞ ከረጢቱ ላይ «ኦቾሎኒ አለበት» ተብሎ ይጻፍ። የማይስማማው ልጅ ካለ በትንሹም ክፉኛ ይታመማል።

በጤፍ ለሚሞክሩ፦ ከዱቄቱ ሩቡን ብቻ፣ 60 ግራም፣ በነጭ ጤፍ መተካት ይቻላል። ከዚያ ካለፈ የሚያያይዘው ነገር ስለሚያንስ ይፈረካከሳል።

እናት ከሳቢያን

እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ ሁላችሁንም። ሹካ መቀየሪያውን ትራንስፎርመር ነው ብለው የሚሸጡ አሉና ሶኬት፣ ባትነግረኝ ልገዛው ነበር፣ ተባረክ።

ሦስት ነገር ቀረኝ። የጾም ድብልቅ ይቻላል? ልጆቹ ሊጡን መላስ ይወዳሉ፤ እንቁላል ከሌለበት ችግር የለውም አይደል? ደግሞ አንዳንዴ ኩኪሱ ነፍቶ መሃል ላይ ይቀረቀርና ሳህኑ አልወጣም ይላል። ያኔ ምን ይደረግ?

የሚቆይበትን ጊዜ የመለሰልኝም የለም።

ጋጋሪ ከከዚራ

ልክ ነሽ፣ እሱን ዘለልኩት። ቅባቱ የታሸበት ድብልቅ ፍሪጅ ውስጥ 2 ወር ይቆያል። መደርደሪያ ላይ በድሬ የግንቦትና የሰኔ ሙቀት ከ2 ሳምንት በላይ አላምነውም። ዘይቱ ቀልጦ ከረጢቱ ግርጌ ይወርዳል፣ ከላይ ያለው ዱቄት ደረቅ ይሆናል፣ ከታች ያለው ይጨቀያል፤ ቆይቶም ይሻግታል። ሲከፈት የቆየ ዘይት የሚሸት ከሆነ ይጣል።

ፍሪጅ ቦታ ከሌለ ወይም መብራት የሚቆራረጥ ከሆነ ሌላ መንገድ አለ። የሚረጋውን ዘይት ተዪውና ደረቁን ብቻ በየከረጢቱ 30 ግራም አድርጊ። ልጅቷ ስትጋግር 1 ተኩል የሻይ ማንኪያ ፈሳሽ ዘይት ትጨምራለች፣ ውሃው ግን ከ1 ማንኪያ ትንሽ ይጉደል። ዘይቱ ይቅደም፣ ውሃው ይከተል። ውሃ ከቀደመ ዱቄቱ ውሃውን ጠጥቶ ይጠነክራል፣ ዘይቱም አይገባበትም። ይህኛው በፈሳሽ ዘይት ስለሆነ ትንሽ ይንጣለላል፤ በአንድ ዙር 3 መሆኑ ቀርቶ 2 ይሁን። ደረቁ ከረጢት መደርደሪያ ላይ 2 ወር ይሄዳል። ከነቀዝ ለመጠበቅ ዱቄቱ ከመዘጋጀቱ በፊት 4 ቀን ፍሪዘር ውስጥ ይክረም። ሲወጣ ሳይከፈት ወደ ክፍሉ ሙቀት ይመለስ፤ ቀዝቃዛ ሳለ ከተከፈተ ወዝ ይይዛል።

ለጾም፣ ከእንስሳ የሚመጣው የዱቄት ወተቱ ብቻ ነው። እሱን አውጥተሽ 20 ግራም የተቆላ የሽምብራ ዱቄት አስገቢ። ወተቱ ነበር ለኩኪሱ ቀለም የሚሰጠው፤ ሽምብራው በጥቂቱ ይተካዋል። ቀለም እየጠበቁ ማቆየት ግን አይገባም፣ ዳሩ ሲደርቅ በቃ ይውጣ። ማርጋሪን የሚጠቀም ካለ ወተት እንደሌለበት ማሸጊያውን ያንብብ።

ሊጡ አይላስ። ይህን በደንብ አድርጊና ለልጆቹ ንገሪያቸው። ሰው የሚፈራው እንቁላሉን ነው፤ ዱቄቱ ግን ራሱ ጥሬ ነው። ስንዴ ሲፈጭ አይበስልም፣ ከማሳም ከጎተራም የያዘው ኢ. ኮላይና ሳልሞኔላ ከዱቄቱ ጋር ሊመጣ ይችላል። ቤት ውስጥ በመጥበሻ መቁላቱም ሁሉንም እኩል ስለማያገኘው መተማመኛ አይሆንም። ስለዚህ መላሱ ይቅር፣ ሊጥ የነካ እጅ ይታጠብ፣ ጥሬው ሊጥ የነበረበት ሹካ ለበሰለው ኩኪስ አይመለስ።

የሚቀረቀረው ደግሞ ሊጡ ከሳህኑ ጠርዝ ሲያልፍ ነው። ወይ ሳይዳመጥ ገብቷል፣ ወይ ቤኪንግ ፓውደሩ በዝቷል። የተዳመጠው 5 ሚሊ ሜትር ሊጥ ሲነፋ እጥፍ ቢሆን እንኳ ከጠርዙ በታች ስለሚቀር አይነካም። ለኬክ ድብልቅ ከሆነ ሳህኑ ከግማሽ በላይ አይሞላ።

ሶኬት

ሲቀረቀር ምን ይደረግ ላልሽው፦ መጀመሪያ ከግድግዳው ንቀይ። ከዚያ ሙሉ በሙሉ እስኪቀዘቅዝ፣ ቢያንስ 45 ደቂቃ፣ ማንም አይንካው። ከበረደ በኋላ ከገባበት በኩል በመግፊያው ቀስ ብሎ ይገፋ። ካልወጣ በእንጨት ማንኪያ እጀታ። በቢላ ወይም በሹካ አይሆንም፤ ውስጥ ያለውን ሽቦ ይነካል።

ጣት በፍጹም አይግባ፣ የልጅም የትልቅ ሰውም። በፈረንጆች 2007 አሜሪካ ውስጥ በፊት ለፊት የሚከፈት አንድ የኢዚ ቤክ ሞዴል፣ አንድ ሚሊዮን ገደማ፣ ከገበያና ከየቤቱ እንዲመለስ የተደረገው ልጆች እጃቸውን በመክፈቻው አስገብተው እየተያዘባቸውና እየተቃጠሉ ስለነበረ ነው። ያኔ የተሸጠ ሞዴል ካገለገለ በኋላ በዘመድ በኩል የተላከ ሊሆን ይችላልና አሮጌ ኦቨን የመጣላችሁ ሰዎች ዓመቱንና የሞዴል ቁጥሩን ከታቹ እዩ።

ከእያንዳንዱ አጋገር በኋላም ኦቨኑ ሲበርድ ተዘቅዝቆ ፍርፋሪው ይራገፍ። ውስጥ የቀረ ፍርፋሪ በሚቀጥለው ጊዜ ያጨሳል፣ ስኳር ያለበት ደግሞ መተላለፊያው ላይ ይጋገርና ሳህኑን ይይዘዋል። ካጨሰ ውሃ አይደፋበት፣ በእርጥብ ጨርቅም አይወልወል፤ ተነቅሎ ሲቀዘቅዝ በደረቅ ብሩሽ ነው።